የዴር ሡልጣን ቁልፍና ሁለቱ የክርክር ሸንጎዎች

የመሬትና የቤት ሙግት ሁለት ጥያቄዎች አሉበት። አንደኛው ይዞታው ከማን እጅ በጉልበት ወጣ የሚል ሲሆን፣ ሁለተኛው ባለመብቱ ማን ነው የሚል ነው። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጋችንም ሁለቱን ለይቶ፣ ይዞታው የተነካበት ሰው በቁጥር 1149፣ ባለሀብቱ ደግሞ በቁጥር 1206 መሠረት እንዲከስ ፈቅዷል። ሁለቱ ጥያቄዎች በሁለት ልዩ ልዩ ሸንጎዎች ጎን ለጎን ሲታዩ የሚከተለውን ለመረዳት ግን የኢየሩሳሌሙ የዴር ሡልጣን ገዳም ታሪክ በቂ ማስረጃ ነው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ገዳሙ የሚገኘው በጎልጎታ ቤተ ክርስቲያን፣ በቅድስት ዕሌኒ ቤተ ጸሎት ጣሪያ ላይ ነው። መነኮሳቱ በጣሪያው ላይ በተሠሩ ትናንሽ ጎጆዎች ይኖራሉ። ከዚያ ወደ ጎልጎታ አደባባይ የሚያወርደው መተላለፊያ የአርባዕቱ እንስሳንና የቅዱስ ሚካኤልን ቤተ ጸሎቶች አቋርጦ ያልፋል። እንግዲህ የመተላለፊያውን በሮች ቁልፍ የያዘ ወገን ቤተ ጸሎቶቹንም መንገዱንም ያዘ ማለት ነው።

ኢትዮጵያውያንና የግብጽ ቅብጣውያን ገዳሙ የእኛ ነው በማለት ለብዙ ዘመን ተከራክረዋል። በ1838 በኢየሩሳሌም በተነሣው ወረርሽኝ ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ባለቁ ጊዜ የገዳሙ ሰነዶች እንደ ተቃጠሉ በእኛ ወገን ይነገራል። በ1852 የቱርክ ሡልጣን በቅዱሳት መካናት የነበረው ሁኔታ ባለበት ይጽና ብሎ ደነገገ። የእንግሊዝ አስተዳደርም በ1924 ባወጣው ድንጋጌ የቅዱሳት መካናትን የመብት ክርክር ከመደበኛ ፍርድ ቤቶች ሥልጣን አወጣ። በዚህም ጉዳዩ ለሁለት ተከፈለ፤ የመብቱ ጥያቄ ለመንግሥት፣ የጸጥታው ጥያቄ ለፍርድ ቤት ሆነ።

በ1961 የዮርዳኖስ መንግሥት የሚኒስትሮች ኮሚቴ ለኢትዮጵያውያን ፈረደ፤ ቁልፉም ተሰጣቸው። ይሁን እንጂ አርባ ቀን ያህል እንደ ቆየ ውሳኔው ታገደና ቁልፉ ወደ ቅብጣውያን ተመለሰ። የአስተዳደር ውሳኔ በፈጠነበት ፍጥነት ሊሻር እንደሚችል ይህ በቂ ምስክር ነው።

ከ1967 ጦርነት በኋላ ከተማው በእስራኤል እጅ ሳለ፣ በኤፕሪል 25 ቀን 1970 በትንሣኤ ሌሊት ቅብጣውያኑ በጸሎት ላይ እንዳሉ ኢትዮጵያውያኑ የመተላለፊያውን ቁልፎች ለወጡ። ቅብጣውያን ለእስራኤል ከፍተኛ ፍርድ ቤት አቤት አሉ። ፍርድ ቤቱ በማርች 16 ቀን 1971 ማንም በገዛ እጁ ይዞታን ሊለውጥ አይችልምና ቁልፎቹ ይመለሱ ብሎ ወሰነ፤ ነገር ግን የመብቱ ጥያቄ የመንግሥት ስለ ሆነ፣ መንግሥት እስኪያስብበት ድረስ የፍርዱን አፈጻጸም እስከ ኤፕሪል 6 አቆየ። መንግሥትም ቀኑ ሳይደርስ ኮሚቴ አቋቁሞ፣ ጉዳዩ እስኪመረመር ያለው እንዳለ ይቆይ ሲል አዘዘ። ስለዚህ ቅብጣውያን በፍርድ ቤት ረቱ፣ ቁልፉ ግን በኢትዮጵያውያን እጅ ቀረ። በ1977 ዳግመኛ ያቀረቡትም አቤቱታ አልተሳካላቸውም።

ከሕጉ ይልቅ ለሙያችን የሚቀርበው የዚህ መዘዝ ነው። በቅዱሳት መካናት ልማድ ጣሪያን ያደሰ፣ ግድግዳን የለሰነ፣ ባለቤትነቱን እንዳስመሰከረ ይቆጠራል። በመሆኑም አንዱ ሲያድስ ሌላው ይቃወማል፤ ሁለቱ ሸንጎዎች በየበኩላቸው ሲጠባበቁ ዝናቡና ክብደቱ ቀጠሮ አይጠብቁም። በ2017 ከቤተ ጸሎቱ ጣሪያ ድንጋይ ወደቀ። በኦክቶበር 2018 የእስራኤል መንግሥት ጥገና በጀመረ ጊዜ፣ ጥገናው የእኛ መብት ነው ብለው የተቃወሙትን ቅብጣውያን መነኮሳት ፖሊስ በኃይል አነሣቸው። በአንድ ጣሪያ ጥገና ምክንያት መነኮሳት እስከ መጎተት መድረሳቸው የሙግቱን ክብደት ያሳያል።

ከዚህ ሁለት ቁም ነገር ይገኛል። ለተከራካሪው፣ በአንዱ ሸንጎ ያገኘው ድል በሌላው ካልጸና የወረቀት ድል መሆኑ ነው። ለዳኛውና ለአስተዳዳሪው ደግሞ፣ የመብቱ ክርክር እስኪያልቅ ድረስ ሕንፃው የሚጠበቅበትን ሥርዓት አስቀድሞ መወሰን ግዴታቸው መሆኑ ነው። ጥገናው የማንንም መብት አይነካም የሚል ጽሑፍ በሁለቱም ወገን ፊት ተፈርሞ፣ የሕንፃው ልክና ይዞታ በፕላን ተመዝግቦ ቢቀመጥ፣ የነገው ፍርድ ለማንም ይሁን የሚፈረድበት ቤት ሳይፈርስ ይቆያል።