ነጻ በተባለው ላይ ይግባኝ የሚለው ማን ነው?

በቀድሞው የኢትዮጵያ ችሎት የነፍስ ክስ የሟች ወገን ጉዳይ ነበር። ከሳሹ ደመኛው ነው። ገዳዩ ሲፈረድበት ጉማ ተቀብሎ መታረቅም ሆነ ደሙን መመለስ የእርሱ ፈንታ ነው። የአጥቢያው ዳኛ ተከሳሹን «ንጹሕ ነው» ብሎ ቢያሰናብተው ደግሞ፣ ደመኛው ከዳኛ ወደ ዳኛ እየወጣ እስከ አፈ ንጉሡና እስከ ዙፋን ችሎት አቤት ይል ነበር።

ያንን ዘመን የሚናፍቅ ሰው ወገን ያልነበረውን ሟች ያስብ። እርሱ ደመ ከልብ ሆኖ ይቀራል። ስለዚህ ክሱ በመንግሥት እጅ መግባቱና ለዐቃቤ ሕግ መሰጠቱ ትልቅ የፍትሕ እርምጃ ነበር።

የቸገረው ከዚያ በኋላ ያለው ነው። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ በአንቀጽ 185፣ ተከሳሽ በነጻ ሲለቀቅ ይግባኝ የማለትን መብት ለዐቃቤ ሕግ ሰጠ። ተበዳዩ ካሳ መጠየቅ ይችላል፤ በአቤቱታ ብቻ በሚያስከስሱ ቀላል ወንጀሎችም ዐቃቤ ሕግ ክሱን ሲተወው በግል እንዲከስ ሊፈቀድለት ይችላል። ልጇ የተገደለባት እናት ግን በዐቃቤ ሕጉ ክስ ውስጥ ምስክር እንጂ ተከራካሪ አይደለችም። የይግባኝ ማስታወቂያ የሚቀርበው ፍርዱ በተሰጠ በ15 ቀን ውስጥ ነው። በእነዚያ ቀናት ዐቃቤ ሕጉ ዝም ካለ ነገሩ አለቀ።

የሕጉን የመጨረሻ ረቂቅ ያዘጋጁት ሰር ቻርልስ ማቲው ቀደም ሲል የማላያ ዋና ዳኛ ነበሩ። የማላያ ሥነ ሥርዓት ደግሞ የሕንዱን ተከትሎ የተጻፈ ነው። ታዲያ ምንጩ ሕንድ ራሷ ወዴት ሄደች? እ.ኤ.አ. በ1861 የወጣው ሕጓ ነጻ በተባለ ሰው ላይ ይግባኝ አይፈቅድም ነበር፤ የ1872ቱ ለመንግሥት ብቻ ፈቀደ። በ1955 በግል አቤቱታ የከሰሰ ሰው፣ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ልዩ ፈቃድ ከሰጠው፣ ይግባኝ እንዲል ተደረገ። ትልቁ ለውጥ የመጣው በ2009 ማሻሻያ ነው፦ ተበዳዩ በራሱ ስም ይግባኝ የማለት መብት አገኘ፤ «ተበዳይ» ሲባልም አሳዳጊውንና ሕጋዊ ወራሹን ይጨምራል። በ2018 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ፣ ተበዳዩ ለዚህ ፈቃድ መጠየቅ እንኳ አያስፈልገውም ሲል ወሰነ።

እኔ እስከዚያ ድረስ መሄዱን እፈራለሁ። በነጻ የተሰናበተ ሰውም ሰው ነው፤ የከሳሹ ቂም እስኪበርድ ከችሎት ችሎት መጎተት የለበትም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 23 በመጨረሻ ፍርድ ነጻ የተባለን ሰው በዚያው ወንጀል ዳግም ከመከሰስ የሚጠብቀውም ለዚህ ነው። ዝምታው ግን አይገባኝም። ይግባኝ አልልም ያለ ዐቃቤ ሕግ ምክንያቱን በጽሑፍ፣ 15ቱ ቀን ሳያልቅ፣ ለሟች ቤተሰብ ይንገር። ቤተሰቡም በምክንያቱ ካልረካ የይግባኝ ሰሚውን ፍርድ ቤት ፈቃድ የሚጠይቅበት አጭር ጊዜ ይሰጠው፤ ፍርድ ቤቱ ጉዳዩ አያስቀርብም ካለ እዚያው ያብቃ።