ካናዳና አሜሪካ፡- በውል የቆመ ጉርብትና

በአሜሪካዋ የቨርሞንት ግዛትና በካናዳዋ የኩቤክ ግዛት ድንበር ላይ እ.ኤ.አ. በ1904 የተከፈተ አንድ ቤት አለ፡፡ ስሙ ሃስክል ይባላል፡፡ ምድር ቤቱ ቤተ መጻሕፍት፣ ፎቁ የቴአትር አዳራሽ ነው፡፡ ሁለቱን አገሮች የሚለየው ድንበር በቤቱ መካከል ያልፋል፤ ወለሉም ላይ በጥቁር መስመር ተመልክቷል፡፡ ዋናው በር አሜሪካ ውስጥ ነው፡፡ የቴአትሩ መድረክና አብዛኛው መጽሐፍ ግን ካናዳ ውስጥ ናቸው፡፡ ተመልካቹ አሜሪካ ተቀምጦ ካናዳ ውስጥ የሚጫወተውን ተዋናይ ያያል፡፡ የካናዳው ወገን ነዋሪ የእግረኛውን መንገድ ተከትሎ፣ የጉምሩክ ኬላ ሳይረግጥ፣ በዋናው በር ሲገባና ሲወጣ ኖሯል፡፡

እ.ኤ.አ. በ2017 የአሜሪካ መንግሥት የበርካታ አገሮች ዜጎች እንዳይገቡ የሚከለክል ትዕዛዝ ካወጣ በኋላ፣ በሁለቱ አገሮች ተለያይተው የቀሩ የኢራን ቤተሰቦች የሚገናኙት በዚህ ቤት ነበር፡፡ አንዱ ከዚህ፣ ሌላው ከዚያ መጥተው በመጻሕፍቱ መካከል ናፍቆታቸውን ይወጡ ነበር፡፡ እ.ኤ.አ. በማርች 2025 ግን የአሜሪካ ባለሥልጣናት ካናዳውያን ያለኬላ በዋናው በር የሚገቡበት ልማድ እንዲያበቃ መወሰናቸው ታወቀ፡፡ ካናዳውያኑም በራሳቸው ወገን ሌላ መግቢያ ለማሠራት ገንዘብ ማሰባሰብ ያዙ፡፡

የሁለቱን አገሮች ታሪክ ለማየት ከዚህ ቤት የተሻለ መነሻ አይገኝም፡፡ ስለ እነሱ ሲወራ ብዙ ጊዜ የሚሰማው፣ ‹‹አንድ ሕዝብ ናቸው፤ አንደኛው ብርዱ በዛበት እንጂ›› የሚል ነው፡፡ አባባሉ ግማሽ እውነት አለው፡፡ ድንበራቸው 8,891 ኪሎ ሜትር ይረዝማል፤ በዓለም ላይ በሁለት አገሮች መካከል ካሉት ድንበሮች ሁሉ ረጅሙ ነው፡፡ ከአሥር ካናዳውያን ዘጠኙ የሚኖሩት ከዚህ ድንበር 160 ኪሎ ሜትር ባልበለጠ ርቀት ነው፡፡ ይሁን እንጂ አንዱ 40 ሚሊዮን ያህል፣ ሌላው 340 ሚሊዮን ያህል ሕዝብ ይዘው፣ አብዛኛው ሕዝባቸው አንድ ቋንቋ እየተናገረ፣ ትንሹ በትልቁ ሳይዋጥ እንዴት ቆየ? የዚህ ጸሐፊ መልስ አጭር ነው፡፡ ካናዳን ካናዳ አድርጎ ያቆያት የደም ልዩነት ሳይሆን በየዘመኑ በሕግ የታሰረ ምርጫ ነው፡፡

ከአብዮቱ የሸሹት

ነገሩ የሚጀምረው ካናዳ የሚባል አገር ሳይኖር ነው፡፡ እንግሊዝ እ.ኤ.አ. በ1774 ባወጣችው የኩቤክ ሕግ ለፈረንሳይኛ ተናጋሪዎቹ የካቶሊክ እምነታቸውንና የፈረንሳይ የፍትሐ ብሔር ሕጋቸውን ፈቀደችላቸው፡፡ ከሁለት ዓመት በኋላ የወጣው የአሜሪካ የነፃነት መግለጫ በንጉሡ ላይ ከደረደራቸው ክሶች አንዱ ይኸው በጎረቤት ግዛት የተደረገው ለውጥ ነበር፡፡ አንደኛው ሕዝብ እንደ መብት የተቀበለው ሕግ ለሌላው የአምባገነንነት ማስረጃ ሆነ ማለት ነው፡፡

አብዮቱ ሲያሸንፍ ለእንግሊዝ ዘውድ ታማኝ የነበሩ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ወደ ሰሜን ተሰደዱ፡፡ ስለዚህ እንግሊዝኛ ተናጋሪው ካናዳ ከመሠረቱ የተሸናፊዎች መጠጊያ ነው፡፡ እ.ኤ.አ. በ1812 አሜሪካ ጦርነት ስታውጅ፣ የቀድሞው ፕሬዚዳንት ጄፈርሰን ካናዳን መያዝ ከእግር ጉዞ የማይበልጥ ሥራ መስሏቸው ነበር፡፡ አልሆነም፡፡ አሜሪካውያን በ1813 የዛሬዋን ቶሮንቶ አቃጠሉ፤ የእንግሊዝ ወታደሮች በ1814 የዋሽንግተኑን ቤተ መንግሥት አቃጠሉ፤ በዚያው ዓመት ማብቂያ በተፈረመው የጌንት ውል ድንበሩ ወደነበረበት ተመለሰ፡፡ በ1817 በታላላቆቹ ሐይቆች ላይ የሚኖረውን የጦር መርከብ ቁጥር የሚገድብ ስምምነት ተደረሰ፤ በ1818 ደግሞ የድንበሩ ትልቅ ክፍል 49ኛውን የኬክሮስ መስመር እንዲከተል ተስማሙ፡፡

አሜሪካ አላስካን ከሩሲያ የገዛችው እ.ኤ.አ. በ1867 ነው፡፡ የካናዳ ግዛቶች በአንድ ፌዴሬሽን የተዋሐዱትም በዚያው ዓመት ጁላይ 1 ቀን ነው፡፡ የአሜሪካ የነፃነት መግለጫ ‹‹ሕይወት፣ ነፃነትና ደስታን መሻት›› ሲል፣ የካናዳው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 91 ‹‹ሰላም፣ ሥርዓትና መልካም አስተዳደር›› ይላል፡፡ እኛ አገር በስብሰባ ብዛት የደነዘዘው ‹‹መልካም አስተዳደር›› እዚያ የማንነት መፈክር ሆኗል፡፡ በእርግጥ የሕግ ሰው እንደሚያውቀው ሐረጉ መጀመሪያ የፌዴራል መንግሥቱን ሕግ የማውጣት ሥልጣን ለመወሰን የገባ፣ በሌሎች የእንግሊዝ ቅኝ ግዛቶችም የተለመደ ቃል ነው፡፡ ሕዝብ ግን አንዳንዴ የሕግ ቃልን አንስቶ ነፍስ ይዘራበታል፡፡

የመጠጊያው መንገድ

ድንበሩ ለአሜሪካውያንም የመዳኛ መስመር ሆኖ ያውቃል፡፡ በእንግሊዝ ግዛቶች ባርነት እ.ኤ.አ. በ1834 ሲቀር፣ አሜሪካ ደግሞ በ1850 ያመለጠ ባሪያ ተይዞ ለጌታው እንዲመለስ የሚያስገድድ ሕግ ስታጠነክር፣ በአሥር ሺዎች የሚገመቱ ጥቁሮች በሥውር መንገድ ወደ ካናዳ ተሻገሩ፡፡ በቬትናም ጦርነት ዘመንም አስገዳጁን ውትድርና ያልፈለጉ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ወጣቶች ተከተሏቸው፡፡

ይህ መንገድ እኛንም ይነካል፡፡ በአሜሪካ በኩል አልፈው ካናዳ ድንበር ላይ ጥገኝነት ከጠየቁት መካከል ኢትዮጵያውያንና ኤርትራውያንም ይገኙበታል፡፡ እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2004 ሥራ ላይ የዋለው ስምምነት ግን ስደተኛው መጀመሪያ በረገጠው አገር እንዲጠይቅ አስገደደ፡፡ ካናዳ ውስጥ የቅርብ ዘመድ ያለው ሰው ከክልከላው ነፃ የሚሆንበት ድንጋጌ አለው፡፡ ስምምነቱ በመደበኛ ኬላዎች ብቻ የሚሠራ ስለነበር ብዙዎች በጫካና በገጠር መንገድ ይሻገሩ ነበር፡፡ ከማርች 2023 ጀምሮ ግን መላውን ድንበር እንዲሸፍን ተደርጓል፡፡ ሰሜኑን የመጨረሻ ተስፋ አድርጎ ለሚያስብ ዘመድ ሊነገር የሚገባው ይህ ነው፡፡

እያሳሳቀ የሚወስድ ውኃ

ወታደር ያልወሰዳትን አገር ሬዲዮ ሊወስዳት ይችል ነበር፡፡ የአሜሪካ ባህል እያሳሳቀ እንደሚወስድ ውኃ ነው፤ ጠላት ሆኖ አይመጣም፡፡ ካናዳ እ.ኤ.አ. በ1936 የሕዝብ ማሠራጫ ድርጅቷን ያቋቋመችው ይህንኑ ፈርታ ነው፡፡ በ1971 ደግሞ ሬዲዮ ጣቢያዎች ከሚያሰሙት ሙዚቃ ቢያንስ 30 በመቶው የካናዳ እንዲሆን ተደነገገ፤ በኋላ ለታዋቂ ሙዚቃ ወደ 35 በመቶ ከፍ ብሏል፡፡

እንዲህ ያለ ደንብ አስቂኝ ውጤትም ያመጣል፡፡ የእኛም አገር ወጣቶች በቃላቸው የያዙት የብራያን አዳምስ የ1991 አልበም፣ ድምፃዊው ካናዳዊ ሆኖ ሳለ፣ ሙዚቃውን ከውጭ አገር ሰው ጋር ስለጻፈው ‹‹ካናዳዊ አይደለም›› ተብሎ ነበር፡፡ ደንቡ ኋላ ተሻሻለ፡፡ ነገር ግን ውኃው በሁለቱም አቅጣጫ እንደሚፈስ መርሳት አይገባም፡፡ አሜሪካውያን የራሳቸው የሚሉትን ቅርጫት ኳስ እ.ኤ.አ. በ1891 በማሳቹሴትስ የፈጠረው ጄምስ ኔይስሚዝ ካናዳዊ ነው፡፡ በ2021 በአሜሪካ እግር ኳስ ታላቁ ፍጻሜ የዕረፍት ሰዓት ላይ መድረኩን የተቆጣጠረው ዘ ዊኬንድም በቶሮንቶ ከኢትዮጵያውያን ወላጆች የተወለደው አቤል ተስፋዬ ነው፡፡

አሜሪካ ይህንን ጥበቃ የምታየው እንደ ንግድ ዕንቅፋት ነው፡፡ የአሜሪካ መጽሔቶች የካናዳ ዕትም እያወጡ የአገሬውን ማስታወቂያ ሲሰበስቡ ካናዳ 80 በመቶ ታክስ ጣለች፡፡ አሜሪካ የዓለም ንግድ ድርጅት ዘንድ ከሰሰች፤ በ1997ም ረታች፡፡ በሁለቱ አገሮች የንግድ ስምምነቶች ውስጥ ባህልን ከነፃ ንግድ የሚያስቀር አንቀጽ አለ፤ ነገር ግን ሌላው ወገን ተመጣጣኝ አጸፋ እንዲወስድ ይፈቅዳል፡፡ ባህልህን ጠብቅ፣ ዋጋውን ግን ክፈል እንደማለት ነው፡፡

ሐኪምና ገመድ

የሁለቱ ሕዝቦች ልዩነት ጎልቶ የሚታየው በሽታና ሞት ፊት ነው፡፡ የሳስካችዋን ግዛት እ.ኤ.አ. በ1962 ለነዋሪው ሁሉ የሕክምና ዋስትና ስትጀምር ሐኪሞች ለ23 ቀናት ሥራ አቆሙ፡፡ መንግሥት ግን አልተመለሰም፤ ሥርዓቱ አገር አቀፍ ሆኖ በ1984ቱ የጤና ሕግ ጸና፡፡ በ2004 የሕዝብ ማሠራጫው ባካሄደው ውድድር ሕዝቡ ‹‹ታላቁ ካናዳዊ›› ብሎ የመረጠው ጄኔራል ወይም ባለሀብት ሳይሆን፣ የዚህ ዋስትና አባት የሚባሉትን ቶሚ ዳግላስን ነው፡፡

ካናዳ ለመደበኛ ወንጀሎች የሞት ቅጣትን እ.ኤ.አ. በ1976 ሰርዛለች፡፡ ታዲያ አሜሪካ ውስጥ ሞት የሚያስፈርድ ወንጀል የተከሰሰ ሰው ካናዳ ቢገኝ ይሰጣል? ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1991 ያለምንም ዋስትና መስጠት ይቻላል አለ፡፡ በ2001 ግን፣ እጅግ ልዩ ሁኔታ ካልገጠመ በስተቀር፣ አሜሪካ እንደማትገድለው ማረጋገጫ ሳትሰጥ ሰውን አሳልፎ መስጠት የመብቶች ቻርተሩን ይጥሳል ሲል ወሰነ፡፡ በአሥር ዓመት ልዩነት አንድ ፍርድ ቤት ራሱን አርሞ ትልቁን ጎረቤት ‹‹መጀመሪያ ቃል ግባ›› አለው፡፡

ከዝሆን ጎን

የአየር ክልላቸውን ከ1958 ጀምሮ በጋራ ዕዝ ይጠብቃሉ፡፡ እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 1980 ቴህራን ያሉ የካናዳ ዲፕሎማቶች ደብቀው ያቆዩአቸውን ስድስት አሜሪካውያን በካናዳ ፓስፖርት አስወጥተዋል፡፡ ሴፕቴምበር 11 ቀን 2001 የአሜሪካ ሰማይ ሲዘጋ፣ ጋንደር የተባለችው ትንሽ የኒውፋውንድላንድ ከተማ 38 አውሮፕላኖች አሳርፋ በሺዎች የሚቆጠሩ መንገደኞችን በየቤቱና በየትምህርት ቤቱ ተቀብላለች፡፡ በአፍጋኒስታን 158 የካናዳ ወታደሮች ሞተዋል፡፡

ወዳጅነቱ ግን እሺታ ብቻ አልነበረም፡፡ ጠቅላይ ሚኒስትር ፒርሰን እ.ኤ.አ. በ1965 አሜሪካ ምድር ላይ ቆመው የቬትናም የቦምብ ድብደባ ጋብ እንዲል በመጠየቃቸው፣ ፕሬዚዳንት ጆንሰን በማግሥቱ ኮሌታቸውን ጨምድደው እንደተቆጧቸው ይተረካል፡፡ በማርች 2003 ጠቅላይ ሚኒስትር ክሬቲየን ካናዳ ወደ ኢራቅ እንደማትዘምት ለፓርላማው አስታወቁ፡፡ ፒየር ትሩዶ በ1969 ዋሽንግተን ላይ ኑሯቸውን ከዝሆን ጎን ከመተኛት ጋር ያመሳሰሉት በዚህ ምክንያት ነው፤ አውሬው ጨዋ ቢሆንም በተገላበጠ ቁጥር ጎረቤቱ እንቅልፍ የለውም፡፡

ዝሆኑ እ.ኤ.አ. በ2025 ተገላበጠ፡፡ ካናዳ ከምትልከው ሸቀጥ ሦስት አራተኛ ያህሉ የሚሄደው ወደ አሜሪካ ነበር፡፡ ፕሬዚዳንት ትራምፕ በመጀመሪያ ዘመናቸው፣ በ2018፣ ራሳቸው የፈረሙት የነፃ ንግድ ስምምነት እያለ፣ የአደጋ ጊዜ ሕግ ጠቅሰው ከማርች 4 ቀን 2025 ጀምሮ በአብዛኛው የካናዳ ምርት ላይ 25 በመቶ ታሪፍ ጣሉ፤ ከቀናት በኋላ ስምምነቱን የሚያሟሉትን ዕቃዎች አስወጡ፡፡ በዚያው ሰሞን ካናዳ ‹‹51ኛዋ ግዛት›› ትሁን ማለታቸውን ደጋገሙ፡፡

ረጋ ያለ የሚባለው ሕዝብ ተቆጣ፡፡ በኦንታሪዮ መንግሥት የሚተዳደሩት የመጠጥ መደብሮች የአሜሪካን ምርት ከመደርደሪያ አወረዱ፡፡ በሆኪ ሜዳዎች የአሜሪካ መዝሙር ሲዘመር ተመልካቹ ተቃውሞውን አሰማ፡፡ ፌብሩዋሪ 20 ቀን ቦስተን ላይ ካናዳ አሜሪካን 3 ለ 2 ስትረታ ጨዋታው ከጨዋታነት አልፎ ነበር፡፡ በዓመቱ መጀመሪያ በሕዝብ አስተያየት መለኪያዎች ከሃያ ነጥብ በላይ ሲመራ የነበረው ወግ አጥባቂ ፓርቲ ኤፕሪል 28 ቀን በማርክ ካርኒ ለሚመራው ሊበራል ፓርቲ ተሸነፈ፤ መሪውም የራሱን ወንበር አጣ፡፡ በሜይ ወር ንጉሥ ቻርለስ ራሳቸው ኦታዋ መጥተው የፓርላማውን መክፈቻ ንግግር አነበቡ፡፡ ከ1776ቱ አብዮት የሸሹት ሰዎች ልጆች በጭንቅ ጊዜ ወደ ጥንቱ ዘውድ ዞር አሉ፡፡

ስድስቱ ኮሚሽነሮች

የሕግ ተማሪ ሳለን ከማንረሳቸው ጉዳዮች አንዱ የትሬይል ማቅለጫ ጉዳይ ነበር፡፡ ብሪቲሽ ኮሎምቢያ ያለ የብረት ማቅለጫ ጭስ የአሜሪካ ገበሬዎችን ማሳ አቃጠለ፤ ነገሩ ለግልግል ዳኝነት ቀረበ፤ በ1938ና በ1941 በተሰጡት ውሳኔዎች ማንም አገር ግዛቱን ጎረቤቱን በሚጎዳ መንገድ እንዳይጠቀም ተባለ፤ ካናዳም ካሳ ከፈለች፡፡ ከዚያ አስቀድሞ በ1909 ስለ ድንበር ውኃዎች በተፈረመው ውል የጋራ ኮሚሽን ተቋቁሟል፡፡ ኮሚሽነሮቹ ስድስት ናቸው፤ ሦስት ከአሜሪካ፣ ሦስት ከካናዳ፡፡ የሕዝቡ ብዛት ስምንት እጥፍ ይበልጣል ተብሎ ወንበር አልተጨመረም፡፡ ዓባይን ይዞ ለሚከራከር አንባቢ የዚህ ትርጉም አይሰወርም፡፡

ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት ይሻላል እንላለን፡፡ እውነት ነው፤ ግን ቅርበት ብቻውን ዋስትና አይሆንም፡፡ የሃስክል ወለል ላይ ያለው መስመር ከመቶ ዓመት በላይ ማንንም አላስፈራም፤ ምክንያቱም ሁለቱም ወገን ያከብረው ስለነበር በዘብ መጠበቅ አላስፈለገውም፡፡ መስመሩ ያስፈራ የጀመረው አንዱ ወገን መስመር አያስፈልግም ማለት ሲጀምር ነው፡፡