የባለርስትና የባለይዞታ መብት፤ የሻሸመኔው አምስት ጋሻ ምሳሌነት

መሬቱ የተወሰደበት ወይም ድንበሩ የተገፋበት ሰው ወደ ዳኛ ሲቀርብ ከሁለት አቤቱታዎች አንዱን ያሰማል። አንደኛው «መሬቱ ርስቴ ነው» የሚል ነው፤ ሁለተኛው «በእጄ ሳለ ወሰዱብኝ» የሚል ነው። ሁለቱ በአነጋገር ቢቀራረቡም በሕግ ፊት የተለያዩ ናቸው። የትኛው ጸንቶ እንደ ኖረ ለመመርመር በሻሸመኔ የተሰጠው አምስት ጋሻ መሬት መልካም ምሳሌ ይሆነናል።

ዶክተር መላኩ በያን በ1929 ዓ.ም. በኒው ዮርክ ያቋቋሙት የኢትዮጵያ የዓለም ፌዴሬሽን በጠላት ወረራ ዘመን ለአገራችን የቆመ የጥቁር ሕዝቦች ማኅበር ነበር። ከድል በኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ውለታውን በማሰብ አምስት ጋሻ፣ ይኸውም 200 ሄክታር ያህል መሬት፣ ሰጡት። ከመጀመሪያዎቹ ሰፋሪዎች መካከል ጄምስና ሄለን ፓይፐር ይገኛሉ፤ ኋላም የጃማይካ ራስ ተፈሪያውያን ተከተሉ። ይሁን እንጂ የሻሸመኔ አካባቢ ባዶ ምድር አልነበረም። የአርሲ ኦሮሞ ሕዝብ ከብት ያረባበትና ያረሰው አገር ነበር። መሬት በጋሻ እየተለካ ለባለውለታ በሚሰጥበት ሥርዓት፣ ባለመሬቱ ሲለወጥ የገበሬውን ፈቃድ የሚጠይቅ አልነበረም።

በ1952 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለሁለቱም አቤቱታዎች መንገድ አበጀ። ባለሀብት የሆነ ሰው በአንቀጽ 1206 የመፋለም ክስ ያቀርባል። ባለይዞታ ደግሞ በአንቀጽ 1149 መሬቱ እንዲመለስለት ወይም ሁከቱ እንዲወገድለት ይጠይቃል፤ ነገር ግን በሁለት ዓመት ውስጥ መክሰስ አለበት። ሁለቱም መንገዶች ሁሉን አላዳረሱም። አንቀጽ 390 የውጭ አገር ሰው ያለ ንጉሠ ነገሥቱ ትእዛዝ የማይንቀሳቀስ ንብረት ባለሀብት እንዳይሆን ስለ ከለከለ፣ የሰፋሪው መብት በስጦታው ላይ ብቻ የተንጠለጠለ ነበር። ጭሰኛውም መሬቱን የሚይዘው በሌላ ሰው ርስት ላይ ስለ ሆነ፣ በባለርስቱ ላይ የሚያነሣው ክስ ደካማ ነበር። በ1960ዎቹ መባቻ በሻሸመኔ አካባቢ የትራክተር እርሻ ሲስፋፋ ብዙ ጭሰኞች ከመሬታቸው ተነቅለዋል።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 31 የገጠር መሬትን ሁሉ የሕዝብ ሀብት አደረገ። መሬት መሸጥና ማከራየት ተከለከለ፤ ጭሰኛውም ባረሰው መሬት ላይ የይዞታ መብት አገኘ። በዚያ ቀን የርስት ክርክር መሠረቱ ተናደ። የንጉሥ ስጦታም ከዚህ አላመለጠም፤ ሰፋሪዎቹ አብዛኛውን መሬት አጥተው ጥቂት ብቻ ቀረላቸው። ትናንት አቤት የሚልበት ያጣው ገበሬ ዛሬ ባለይዞታ ሆነ፤ ትናንት በስጦታ የተመካውም ዛሬ አቤቱታ አቅራቢ ሆነ።

የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መሆኑን አጸና፤ ለገበሬው ግን ከመሬቱ ያለመነቀል መብትን፣ በመሬቱ ላይ ለገነባውም የባለቤትነት መብትን ሰጠ። በ1999 ዓ.ም. የወጣው የኦሮሚያ የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 130 ደግሞ ክርክሩ አስቀድሞ ተከራካሪዎቹ በመረጧቸው ሽማግሌዎች እንዲታይ አዘዘ። በሐምሌ 2009 ዓ.ም. መንግሥት ለራስ ተፈሪያውያን የነዋሪነት መታወቂያ እንዲሰጥ ወሰነ። ይህ የመኖሪያ ፈቃድን ጉዳይ አቃለለ እንጂ የአምስቱን ጋሻ ጥያቄ አልዘጋም።

ከዚህ ታሪክ የምንረዳው፣ በሦስት መንግሥታት ውስጥ የርስት ማስረጃ ሲሻር «ሁከት ይወገድልኝ» የሚለው ትሑት አቤቱታ አለመሻሩን ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ የይዞታ አንቀጾች እስካሁን ይሠራሉ። ነገር ግን ይህ ክስ ሁለት ዓመት ብቻ ይቆያል፤ በእጅ ያለውንም ይጠብቃል እንጂ ድሮ የተወሰደውን አይመልስም። ስለዚህ ለአርሲው ገበሬም ሆነ ባሕር ተሻግሮ ለመጣው ሰፋሪ፣ የቀደመው በደል በፍርድ ቤት ብቻ የሚካስ አይደለም። ወሰን የሚለካ ቃላድ ይገኛል፤ ሁለቱንም ወገኖች የሚያስማማ ዕርቅ ግን ከሕግ አንቀጽ ውጭ መፈለግ ይኖርበታል።