አምስቱ በአሥራ ሁለቱ መሃል

እስቲ በርጩማችሁን ሳብ አድርጉና ጠጋ በሉ፤ አቦሉ እስኪወርድ አንድ ሰው ልተርክላችሁ።

የተወለደው እዚሁ ጅማ ነው፤ በ1936 ዓ.ም.፣ የጅማው ንጉሥ አባ ጅፋር የጅሬኑን ቤተ መንግሥት ትተው ካረፉ ዐሥር ዓመት አለፍ ሲል። ስሙ ሙላቱ አስታጥቄ። መሐንዲስ ይሁን ተብሎ ገና በልጅነቱ ወደ ዌልስ ተላከ፤ እሱ ግን ልቡ ወደ ሙዚቃው ክፍል ሸፈተ። ለንደን ተማረ፤ ቦስተን ተሻገረ፤ በርክሊ የሙዚቃ ኮሌጅ ከአፍሪካ የመጀመሪያው ተማሪ ሆነ። እዚያም ቫይብራፎንን ያዘ፤ በዱላ የሚመታ፣ ሲመታ የሚያስተጋባ የብረት ረድፍ ነው።

አሁን ጆሮ ስጡኝ። ቅኝቶቻችን ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰል፣ አንቺሆዬ እያንዳንዳቸው አምስት ድምፅ ናቸው። ፒያኖ ደግሞ አሥራ ሁለት አለው። አሥራ ሁለቱን ዝም ብለህ ከለቀቅህባቸው፣ አንዲት ያልተጠራች ድምፅ ገብታ ትዝታን ትዝታነቱን ታስረሳዋለች። ሙላቱ ቡናውን በጨው የሚጠጣ አገር ልጅ ነውና መጠን ያውቃል፤ ዜማውን ለአምስቱ ተወ፣ የቀሩትን ከሥር ቆንጠር እያደረገ ነሰነሰ። ኢትዮ ጃዝ የሚባለው ይኸው ነው።

ዓመቱን በፈረንጅ ልቁጠርላችሁ፣ ሸክላዎቹ የሚታወቁት በሱ ነውና። በ1966 ኒው ዮርክ ውስጥ ሙከራውን ከላቲን ምት ጋር አጋብቶ ሁለት አልበም አወጣ። በ1972 «ሙላቱ ኦፍ ኢትዮጵያ» ተከተለ፤ እዚያ ላይ የሰርግ ዘፈናችን «ኩሉን ማን ኳለሽ» አለ።

አገር ቤት ሸክላ ማሳተም የአገር ፍቅር ማኅበር ብቸኛ መብት ነበር። አምሃ እሸቴ የሚባል ወጣት ግን ይህን ጥሶ በራሱ ማሳተም ጀመረ፤ የሙላቱን «የካቲት ኢትዮ ጃዝ»ም በ1974 ያወጣው እሱ ነው፣ በአብዮቱ ዓመት። ወዲያው ሰዓት እላፊ መጣ፤ የሌሊቱም ሙዚቃ ከሰመ።

ከዚያማ ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ በ1998 «ኢትዮፒክስ» በተባለው ተከታታይ አልበሙ የሙላቱን ሙዚቃ መልሶ አሳተመው፤ በ2005 አሜሪካዊው የፊልም ዳይሬክተር ጂም ጃርሙሽ ፊልሙ ውስጥ አስገባው። አትቆጡኝና፣ አብዛኞቻችን «የኛ ነው» ማለት የጀመርነው ያኔ ነው።

ሙላቱ ግን ሙከራውን አላቆመም። ሃርቫርድ ሄዶ ክራር አሥራ ሁለቱንም ድምፅ እንዲጫወት ማሻሻሉን ተያያዘው። አሥራ ሁለቱ የፈረንጅ ብቻ ናቸው የሚለውን ጭራሽ አይቀበልም፤ የፈረንሳዩ የሙዚቃ ደራሲ ዴቡሲና የጃዙ ቻርሊ ፓርከር የተጠቀሙበትን የድምፅ ሚዛን ደቡብ ያሉት ደራሼዎች ቀድመው ይጫወቱታል ብሎ ይከራከራል። እኔም ከሱ ጋር ነኝ።

እንግዲህ ከሊሙ እስከ አጋሮ፣ ጀንፈሉን ሸጣችሁ ሰርግ የምትደግሱ ካላችሁ፣ ሙሽራዋ ስትወጣ ያንን የ1972ቱን «ኩሉን» ክፈቱላት። ዘፋኝ የለበትም፤ እናንተው ዝፈኑበት።