ባሕር ዛፍ በአዲስ አበባ ዙሪያ፤ የመንግሥት ትእዛዝና የገበያ ኀይል

ከአዲስ አበባ የደሴን መንገድ ይዞ የወጣ ሰንዳፋን፥ የጎጃምን የያዘ ሱሉልታን፥ የአምቦን የያዘ ቡራዩን፥ የጅማን የያዘ ደግሞ ሰበታን ያገኛል። በእነዚህ በአራቱ መንገዶች ወደ ከተማው የሚመጣ መንገደኛ ለብዙ ዘመን ከቤቱና ከቤተ ክርስቲያኑ ጉልላት አስቀድሞ የሚያየው የባሕር ዛፍ ደን ነበረ። ስለዚህ ብዙዎች ይህን ዛፍ የአገሩ የጥንት ተወላጅ አድርገው ይቈጥሩታል። ነገር ግን የመጣው ከአውስትራልያ ምድር ሲሆን፥ በሸዋ ከተተከለ ገና አንድ መቶ ሠላሳ ዓመት ያህል ነው። የዚህ ዛፍ ታሪክ የዕፀዋት ታሪክ ብቻ አይደለም። መንግሥት ለአንድ ጉዳይ ብሎ ያወጣው ሥርዐት በሰው ልዩ ልዩ ጥቅም ውስጥ ሲያልፍ አውጪው ያላሰበውን ፍሬ እንዴት እንደሚያፈራ የሚያሳይ ታሪክ ነው።

በቀድሞ ዘመን የነገሥታቱ ከተማ እንጨትን ተከትሎ ይሄድ ነበር። ሠራዊቱና ቤተ መንግሥቱ በሰፈሩበት አገር ያለው ደን ለማገዶና ለቤት ሥራ ተቈርጦ ሲያልቅ፥ ሰፈሩ ወደ ሌላ ስፍራ ይዛወራል። ዐፄ ምኒልክም ከእንጦጦ ተራራ ወደ ፍልውሃው ሜዳ ወርደው በ1879 ዓ.ም. አዲስ አበባ ከተቈረቈረች በኋላ ያው ችግር ደረሰ። በተለይም በ1888 ዓ.ም. ከተደረገው የዐድዋ ጦርነት ወዲህ የከተማው ሕዝብ ስለ በዛ፥ በአካባቢው የነበረው ጽድና ወይራ ተመናመነ፤ ለቤት ሥራ የሚሆነውም እንጨት ከወጨጫ ተራራ ግርጌ ከመናገሻ ደን ይመጣ ጀመር። በትውፊት እንደሚነገረው ያን ደን ያስተከሉት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ናቸው። ንጉሠ ነገሥቱም በ1893 ዓ.ም. ግድም ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ ለአንድ ቀን መንገድ በሚጠጋ ርቀት አዲስ ዓለምን ለአዲስ ዋና ከተማነት ማሠራት ጀመሩ። አዲስ አበባም እንደ ቀድሞዎቹ ከተሞች ልትተው የተቃረበች መሰለች።

በዚህ መካከል በ1887 ዓ.ም. ግድም የባሕር ዛፍ ዘር ወደ አገር ገብቶ ነበር፤ ያስገባውም የንጉሠ ነገሥቱ አማካሪ የነበረው ፈረንሳዊው ሞንዶን ቪዳይሌ እንደ ነበረ በብዛት ይነገራል። ዛፉ በደጋው ቅዝቃዜ ፈጥኖ ያድጋል፤ ሲቈረጥም ከጉቶው እንደ ገና ያቈጠቍጣልና ባለቤቱ ዳግመኛ ሳይተክል በየአምስትና በየሰባት ዓመቱ ሊሸጠው ይችላል። የዐፄ ምኒልክም መንግሥት ችግኙን በጥቂት ዋጋ አከፋፈለ፤ ባሕር ዛፍ የተተከለበትንም መሬት ከግብር ነጻ አደረገ።

በዚህ ሥርዐት ልብ ሊባል የሚገባው፥ መንግሥት ማን ምን ያህል እንደሚተክልና በስንት እንደሚሸጥ አለመወሰኑ ነው። ግብሩን ብቻ ተወ፤ የቀረውን ለባለ መሬቱ ፈቃድና ለገበያው አስረከበ። ገበያው ደግሞ እንጨት የተራበ ነበረ። ስለዚህ መኳንንቱም ሌላውም ባለ ርስት በእንጦጦ ግርጌና በከተማው ዙሪያ ባለው መሬት ላይ መትከል ጀመሩ፤ በጥቂት ዓመታትም ውስጥ ባዶ የነበረው ጋራ ለመለመ። የአዲስ ዓለም የዋና ከተማነት ሐሳብ ተተወ፤ ለቤተ መንግሥት የታሰበውም ሕንፃ ቤተ ክርስቲያን ሆነ። ማገዶን ለማብዛት የተሰጠ ምሕረት ዋና ከተማን በአንድ ስፍራ ተከለ።

የዛፉ አሰላለፍም በማንም ፕላን አልተነደፈም። ጀርመናዊው ባለ ርስት ዮሐን ፎን ቱነን በአውሮፓ አቈጣጠር በ1826 ባሳተመው መጽሐፍ፥ በአንዲት ከተማ ዙሪያ የመሬት ሥራ በቀለበት በቀለበት እንደሚከፈል አስረድቶ ነበር። ማገዶ ክብደቱ ብዙ፥ ዋጋው ግን ትንሽ ስለ ሆነ፥ ከሩቅ አገር ቢያመጡት የጭነቱ ኪሳራ ትርፉን ይበላዋል፤ ከዚህ የተነሣ ደኑ ከእህሉ እርሻ ይልቅ ለከተማው ቀርቦ ይገኛል። የመልክዐ ምድር ሊቅ ሮናልድ ሆርቫዝ በአውሮፓ አቈጣጠር በ1960ዎቹ የአዲስ አበባን ዙሪያ መርምሮ፥ ይህን ትምህርት ከአገሩ ሁኔታ ጋር በማነጻጸር አሳትሟል። እንጨቱ በአህያና በሰው ጀርባ ይመጣ በነበረበት ዘመን የባሕር ዛፉ ደን ከተማውን ቀበቶ ሆኖ ከቦት ነበር። ጤፍና ስንዴ ግን ከክብደታቸው ይልቅ ዋጋቸው ስለሚበልጥ፥ እንደ ሰንዳፋ ካለው አገርና ከዚያም ከራቀው መጥተው የጭነታቸውን ኪሳራ ይችላሉ። ለእህል ሊሆን ይችል የነበረው የቅርብ መሬት ለእንጨት የዋለው ስለዚህ ነው።

ሆኖም ጕዳቱም ወዲያው ተሰማ። ዛፉ ምንጩንና የጕድጓዱን ውሃ ያደርቃል የሚል አቤቱታ ስለ በዛ፥ በ1905 ዓ.ም. ግድም ከባሕር ዛፉ ሁለት ሦስተኛው ተነቅሎ በምትኩ የሐር ትል የሚመገበው የእንጆሪ ዛፍ እንዲተከል ትእዛዝ ወጣ። ትእዛዙ የተፈጸመው በጥቂቱ ብቻ ነበረ። ምክንያቱም ግልጽ ነው፤ ሐር የሚገዛ ገበያ በቅርብ አልነበረም፤ ማገዶና ማገር የሚገዛ ግን በየደጁ ነበረ። ግብርን መተው ባለ መሬቱን ወደ ፈቀደው ስለ መራው ሠመረ፤ ንቀል የሚለው ትእዛዝ ግን በእጁ ያለውን እርግጠኛ ጥቅም ለማይታወቅ ተስፋ እንዲለውጥ ስለ ጠየቀው ከሸፈ።

ሌላው ታላቅ ለውጥ በየካቲት 1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠርን መሬት የሕዝብ ሀብት ያደረገው አዋጅ ነው። የአዋጁ ዋና ሐሳብ ጭሰኛውን ከባለ መሬቱ ቀንበር ማላቀቅ ነበረ፤ በዚህም ረገድ የሥራውን ታላቅነት የሚክድ አይገኝም። ነገር ግን ከመሬቱ ጋር ትልልቁ የባሕር ዛፍ ደን ወደ መንግሥት እጅ ገባ። ዛፍ እንደ ጤፍ በዓመቱ የሚታጨድ አይደለም፤ የሚተክለው ሰው ከብዙ ዓመት በኋላ ቈራጩ እርሱ ራሱ እንደሚሆን ማመን አለበት። ይህ እምነት በተናጋ ጊዜ የመትከሉ ትጋት ቀነሰ፤ የከተማው ሕዝብ ግን መብዛቱን አላቆመም። እንጨት ተወደደ፤ በገጠርም ለማሳ ማዳበሪያ መሆን የሚገባው ኩበት ወደ ምድጃ መግባቱ ቀጠለ።

የዚህ ሸክም የወደቀው ከሁሉ ይልቅ በድሆች ሴቶች ጫንቃ ላይ ነው። ከእንጦጦ ቅጠልና ጭራሮ ለቅሞ፥ ከሠላሳ ኪሎ የሚበልጥ ሸክም አዝሎ ወደ ከተማ መውረድ ከአዋጁም በፊት የነበረ ሥራ ነው። ደኑ የመንግሥት ከሆነ ወዲህ ግን፥ ያለ ፈቃድ የለቀመችው ሴት እንደ ሕግ ተላላፊ ትቈጠር ጀመር፤ የደን ዘበኛ ያባርራታል፥ ሸክሟንም ይቀማታል። ሕጉ ደኑን ለሕዝብ ሊያደርግ ወጣ፤ ከሕዝቡ መካከል በደኑ የምትኖረው ግን በስርቆሽ የምትገባ ሆነች።

ተመሳሳይ ነገር በእህልም ታይቷል። በ1960ዎቹ መጨረሻ የተቋቋመው የእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት ከተሜው እህል በርካሽ እንዲያገኝ፥ ገበሬው የተመደበለትን ኮታ በተቈረጠ ዋጋ እንዲያስረክብ ያደርግ ነበር፤ እህልም ከክፍለ ሀገር ወደ ክፍለ ሀገር እንዳይዘዋወር በየኬላው ይያዝ ነበር። ምርቱ ኮታውን ያልሞላለት ገበሬ ከገበያ በውድ ዋጋ ገዝቶ ለድርጅቱ በርካሽ እስከ ማስረከብ ደረሰ። በየካቲት 1982 ዓ.ም. መንግሥት የቅይጥ ኤኮኖሚ መመሪያ ካወጀ በኋላ ኮታውም ኬላውም ቀረ።

ከዚህ ሁሉ ተነሥቶ ገበያ ብቻውን ፍጹም ዳኛ ነው ማለት አይገባም። በ1905 ውሃችን ደረቀ ብለው ያመለከቱት ሰዎች አቤቱታ መሠረት ነበረው፤ ባሕር ዛፍ ውሃን አብዝቶ የሚጠጣ ዛፍ ነውና። እንጨቱን የሸጠው ሰው ከምንጩ ለጐደለው ውሃ ለጎረቤቱ ካሣ አልከፈለም፤ የእንጨቱ ዋጋም ይህን ጕዳት አልቈጠረውም። ከተማይቱ ከቡራዩ አጠገብ ካለው ከገፈርሳና ወደ ሰንዳፋ ከሚወስደው መንገድ አጠገብ ካለው ከለገዳዲ ግድብ ውሃ የምትጠጣ ስለ ሆነ፥ ጥያቄው የገጠሩ ብቻ አይደለም። የትግራይ ክልል በ1989 ዓ.ም. ባሕር ዛፍ በእርሻ መሬት ላይ እንዳይተከል መከልከሉም ይኸው ክርክር ከአንድ ዘመን ወደ ሌላው መሻገሩን ያስረዳል።

ስለዚህ የዚህ ዛፍ ታሪክ የሚያስተምረው መንግሥት እጁን አጣጥፎ ይቀመጥ ብሎ አይደለም፤ ያለ ግብር ምሕረቱ ደኑ ባልተተከለ ነበር። የሚያስተምረው፥ አዋጅ አውጪ በአንዱ እጁ የሚሰጠውንና በሌላው የሚነሣውን አስቀድሞ ይመርምር ብሎ ነው። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥት መሬትን የመንግሥትና የሕዝብ አድርጎ ሲያስቀር፥ ሰው በጉልበቱ ወይም በገንዘቡ በመሬቱ ላይ ላፈራው ንብረት ሙሉ መብት ሰጥቷል። ይህ መብት ለተከላው የሚበጀው፥ ዛሬ ችግኝ የሚያጸድቀው ገበሬ ከሰባት ዓመት በኋላ መጥረቢያውን ይዞ የሚመጣው እርሱ ራሱ መሆኑን በእውነት ሲያምን ነው።