ስለ ድምፅና ስለ ተንቀሳቃሽ ሥዕል የጋራ መዛግብት



በኮምፒዩተር ወይም በእጅ ስልክ ፊልም ስትመለከቱ፥ ሥዕሉንና ድምፁን የሚያወጣው የከፈታችሁት ፕሮግራም ብቻ ይመስላችሁ ይሆናል። ነገሩ ግን እንዲህ አይደለም። ከፕሮግራሙ በስተኋላ ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚገለገሉባቸው መዛግብት ወይም ፋይሎች አሉ፤ ባለሙያዎቹም «ላይብረሪ» ይሏቸዋል። ዛሬ የምንነጋገረው ስለ እነዚሁ ታሪክ ነው።

ስሙ በከንቱ የተሰጠ አይደለም። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1949 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር በኬምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ኤድሳክ የተባለው ኮምፒዩተር ሥራ በጀመረ ጊዜ፥ ሞሪስ ዊልክስ፥ ዴቪድ ዊለርና ባልደረቦቻቸው ዘወትር የሚያስፈልጉትን የስሌት ትእዛዞች በተበሳ የወረቀት ጥብጣብ ላይ አዘጋጅተው በቁም ሣጥን ያኖሩ ነበር። ፕሮግራም የሚጽፍ ሁሉ የሚሻውን ጥብጣብ አውጥቶ ወደ ራሱ ሥራ ይገለብጣል። ኋላ ግን በ1960ዎቹ ዓመታት በአሜሪካ የታቀደው መልቲክስ፥ አንዱ ቅጂ በኮምፒዩተሩ ማስታወሻ ውስጥ ሆኖ ለብዙዎች እንዲያገለግል አደረገ። ይህም እያንዳንዱ ቤት የየራሱን ወፍጮ ከማቆም ይልቅ፥ መንደሩ በአንድ ወፍጮ እንደሚያስፈጭ ያለ ነው።

ለድምፅና ለሥዕል ይህ ዘዴ በይበልጥ ያስፈልጋል። ወርዱ 1,920፥ ቁመቱ 1,080 ነጥብ የሆነ ሥዕል፥ ለእያንዳንዱ ነጥብ 3 ባይት ተመድቦለት በሴኮንድ 25 ጊዜ ቢለዋወጥ፥ የአንድ ሴኮንዱ ብቻ ከ155 ሚሊዮን ባይት ይበልጣል። ስለዚህ ሲቀመጥና ሲላክ መጨመቅ፥ ሲታይም መፈታት አለበት። የአጨማመቁ ዘዴ ብዙ ዓይነት ስለሆነ፥ አንድ ሰው ሁሉንም ብቻዬን ልጻፍ ቢል ዕድሜው አይበቃውም።

በ2000 ዓ.ም. ፋብሪስ ቤላር የተባለ ፈረንሳዊ ኤፍኤፍኤምፔግ የተሰኘውን ሥራ ጀመረ። ከዚህም ውስጥ ሊብአቭኮዴክ የተባለው መዝገብ መጨመቅንና መፍታትን፥ ሊብአቭፎርማት ደግሞ ድምፅና ሥዕል በአንድ ፋይል የሚታሰሩበትንና የሚለዩበትን ሥራ ይዟል። ጽሕፈቱ ለሁሉ ክፍት ስለሆነ የብዙ አገር ሰዎች ተባብረው አሳደጉት፤ ቪኤልሲን የመሳሰሉ ታዋቂ ማጫወቻዎችም ይገለገሉበታል።

ይሁን እንጂ የጋራ ሀብት ባለበት የአስተዳደር ጥያቄ አይቀርም። በ2011 ዓ.ም. ሠራተኞቹ በአመራሩ ነገር ሳይስማሙ ቀርተው ተከፈሉ፤ የተለዩትም ወገኖች ሊብአቭ የሚል ስም ይዘው ወጡ። ሁለቱም በየፊናቸው ሲያሻሽሉ፥ መዛግብቱ ግን የቀድሞ ስማቸውን እንደ ያዙ ስለ ቀጠሉ፥ በእነርሱ ላይ የሚሠሩት ሰዎች ተቸገሩ። ደቢያን የተባለው የሊኑክስ ስርጭት አስቀድሞ ሊብአቭን መርጦ ነበር፤ በ2015 ዓ.ም. ግን ወደ ኤፍኤፍኤምፔግ ለመመለስ ወሰነ። በዚያው ዓመት የኤፍኤፍኤምፔግ መሪ የነበረው ማይክል ኒደርማየር፥ የተለያዩት እንዲቀራረቡ ተስፋ በማድረግ ሥልጣኑን በፈቃዱ ለቀቀ።

እንግዲህ አንባቢ ሆይ፥ በጋራ መዝገብ ውስጥ የገባ ስሕተት የሚገለገሉበትን ሁሉ ይጎዳል፤ አንድ ሰው ያቃናው እንደ ሆነ ደግሞ ለሁሉ ይተርፋል። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፥ ለሃምሳ ሰው ግን ጌጡ ነው እንዲሉ፥ ሸክሙን ጌጥ የሚያደርገው የተሸካሚዎቹ ስምምነት ነው።