ውዝፍ ደመወዝ፦ መምህሩ ያላስተማረበት ወር ክፍያ

የሕግ ባለሙያዎች «ባክ ፔይ» የሚሉት ክፍያ በፍርድ ቤቶቻችን «ውዝፍ ደመወዝ» ይባላል። ችግሩ «ውዝፍ» የሚለውን ቃል ሁላችንም በሌላ መልኩ ማወቃችን ነው፤ ውዝፍ ግብር፣ ውዝፍ የቤት ኪራይ እንላለን። ስለዚህ በቡሬ የግል ትምህርት ቤት የሚያስተምር መምህር ቃሉን ሲሰማ ሠርቶ ያልተከፈለው ደመወዝ ይመስለዋል። እዚህ የምንነጋገርበት ግን ከሕግ ውጭ ስለተባረረ ብቻ ያላስተማረባቸው ወራት ክፍያ ነው።

ይህ ክፍያ ብቻውን አይመጣም። ፍርድ ቤቱ መጀመሪያ ስንብቱ ሕገወጥ ነበር፣ መምህሩም ወደ ሥራው ይመለስ ማለት አለበት። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156 በአንቀጽ 43 እንደሚለው፣ የመጀመሪያው ፍርድ ቤት መምህሩ እንዲመለስ ሲወስን ከስድስት ወር ደመወዝ ያልበለጠ ውዝፍ ያስከፍላል፤ ይግባኝ ሰሚው ውሳኔውን ካጸናው ጣሪያው አንድ ዓመት ይሆናል። በወር 6,000 ብር የሚከፈላት መምህርት በመጀመሪያው ፍርድ ቢበዛ 36,000፣ በይግባኝ ቢበዛ 72,000 ብር ታገኛለች ማለት ነው። ክርክሩ ሁለት ዓመት ቢፈጅ ቀሪው ኪሳራ የእሷ ነው። ይህ ጣሪያ ክርክር የሚያራዝም አሠሪን የሚጠቅም ስለሆነ ፍትሐዊ አይመስለኝም።

መምህርቷ የተባረረችው በእርግዝናዋ፣ በሃይማኖቷ፣ በፖለቲካ አመለካከቷ፣ በማኅበር አባልነቷ ወይም አሠሪዋን በመክሰሷ ከሆነ ሕጉ እንድትመለስ ያዛል፤ ካሳ ተቀብላ መሰናበት ብትመርጥም መብቷ ነው። በሌሎች ምክንያቶች ግን ፍርድ ቤቱ ይመዝናል። መምህሩ መመለስ ቢፈልግ እንኳ የሥራ ግንኙነቱ መቀጠል ከባድ ችግር ያስከትላል ብሎ ካመነ በካሳ ሊያሰናብተው ይችላል። በትንሽ ከተማ ባለቤቱ ራሱ ርዕሰ መምህር በሆነበት ትምህርት ቤት ይህ ክርክር ብርቱ ነው፤ ተካስሰው የወጡ ሰዎች ጠዋት ጠዋት በአንድ ሰልፍ ላይ ሊቆሙ ነው። ያኔ የሚታሰበው ካሳ፣ ውሉ ጊዜ ያልተወሰነለት ከሆነ፣ የ180 ቀን አማካይ ደመወዝና የማስጠንቀቂያው ጊዜ ክፍያ ነው። የስንብት ክፍያው ለብቻው ይታሰባል።

ብዙ መምህር የሚሸነፈው ግን በማስረጃ ሳይሆን በቀን ቆጠራ ነው። ወደ ሥራ ልመለስ የሚል ክስ ውሉ በተቋረጠ በሦስት ወር ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። ሠርቶ ላልተከፈለ ደመወዝ ደግሞ ስድስት ወር አለው። ሰኔ መጨረሻ ላይ የተሰናበተ መምህር «መስከረም ላይ ይጠሩኝ ይሆናል» እያለ ክረምቱን ካሳለፈ፣ ትምህርት ተጀምሮ ሌላ ሰው ክፍሉን ሲይዝ የቀረው ጊዜ ጥቂት ነው። በእኛ አገር ደግሞ ከፍርድ ቤት በፊት ሽማግሌ ይላካል። መልካም ነው፤ ሽምግልናው ግን ይርጋውን አያቆምም። የሚያቋርጠው ለፍርድ ቤት ወይም ሕጉን ለማስፈጸም ሥልጣን ላለው የመንግሥት አካል የቀረበ አቤቱታ፣ ወይም አሠሪው የመምህሩን መብት አምኖ የሰጠው ጽሑፍ ነው።

ክሱ በቡሬ ከሆነ የሚጀመረው በወረዳ ፍርድ ቤት ነው፤ ይግባኙ በ30 ቀን ውስጥ ፍኖተ ሰላም ለምዕራብ ጎጃም ዞን ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይቀርባል። አዋጁ የመጀመሪያው ውሳኔ በ60 ቀን እንዲሰጥ ያዛል።

በአማራ ክልል ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በቀጠለው ግጭት ብዙ ትምህርት ቤቶች ተዘግተዋል። ከአቅም በላይ በሆነ ምክንያት ሥራ ሲቆም ውሉ ይታገዳል እንጂ ወዲያው አይቋረጥም፤ በእገዳው ጊዜ ደመወዝ ባይከፈልም መምህሩ ተባሯል ማለት አይደለም። አሠሪው እገዳውን በሦስት የሥራ ቀናት ውስጥ ለሚመለከተው አካል ማሳወቅ አለበት፤ የሚፈቀድለትም ከ90 ቀን አይበልጥም።

የመንግሥት ትምህርት ቤት መምህራን በዚህ አዋጅ አይዳኙም፤ የእነሱ መንገድ የመንግሥት ሠራተኞች ሕግ፣ የዲሲፕሊን ኮሚቴና የአስተዳደር ፍርድ ቤት ነው። በዚያም ወገን የመምህራን ስንብት ጥያቄ አዲስ አይደለም። በ1985 ዓ.ም. ከ40 በላይ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ተባረሩ። የኢትዮጵያ መምህራን ማኅበር ጉዳይም በቁጥር 1888 ለዓለም የሥራ ድርጅት የመደራጀት ነፃነት ኮሚቴ ቀርቧል።

የስንብት ደብዳቤ የደረሳችሁ መምህራን፣ የደረሳችሁበትን ቀን ጻፉበት፤ የቅጥር ውላችሁንና የደመወዝ ማስረጃችሁን ሰብስቡ። ሽማግሌም ላኩ፤ ክሱን ግን ሦስት ወሩ ሳይሞላ መዝገብ ቤት አስገቡ።